አንድ ቀዳዳ

ሰፈሩ ሁሉ ጆሮ ይለዋል። እናቱ ያወጣችለትን ስም ከሚስቱና ከእህቱ በቀር የሚያስታውስ ያለ አይመስልም። ልጆች ጋሽ ጆሮ ይሉታል፣ እኩዮቹ ጆሮ ብቻ ብለው ይጠሩታል፣ እሱም ስልክ ሲያነሳ "አቤት፣ ጆሮ ነኝ" ነው የሚለው። ስሙን ሰምተው ወሬ ለቃሚ ነው ብለው የሚጠረጥሩት አሉ። ሌሎች ደግሞ ሲያገኙት አንገታቸውን ሰገግ አድርገው የጆሮውን መጠን ይለካሉ። ጆሮው ከሰው የተለየ አይደለም፤ እንዲያውም ጠጉር የበቀለባት ትንሽ ጆሮ ናት። ስሙን ያገኘው በሥራው ነው። ግድግዳ ውስጥ የተቀበረ የሙቅ ውሃ ቧንቧ ሲያፈስ፣ ሌላው ባለሙያ ከመታጠቢያ ቤት ጀምሮ እስከ ማእድ ቤት እየፈለፈለ ሲሄድ፣ እሱ ረጅሙን ካቻቢቴውን ግድግዳው ላይ ያስደግፍና እጀታውን ጆሮው ላይ ይለጥፋል። ዓይኑን ይጨፍናል። ከዚያ በእርሳስ ክብ ይሠራና "እዚህ ጋ ነው" ይላል። ሲከፈትም እዚያው ጋ ሆኖ ይገኛል። አንድ ቀዳዳ ይበሳል፣ ይጠግናል፣ ዕቃውን ሰብስቦ ይሄዳል።

ቀዳዳውን የምትደፍነው ሚስቱ ናት። ለሳኝ ናት፤ እጇ ከኖራና ከጀሶ ተለይቶ ስለማያውቅ ሰፈሩ እሷንም እትዬ ኖራ ብሏታል። የተዋወቁትም በዚሁ ጣጣ ነው። ሁለቱም ገና ወጣት ሳሉ፣ አንድ አዲስ ሕንፃ ላይ፣ እሷ ለስና የጨረሰችውን ግድግዳ እሱ "ቧንቧ ረስቼ ነበር" ብሎ ሲፈለፍለው ደረሰችበት። እፍኝ ሙሉ እርጥብ ጀሶ ፊቱ ላይ ለጠፈችበትና ዓይኑን ጠርጎ እስኪጨርስ ድረስ ስታወርድበት ቆየች። ያን ዕለት ሁለት ነገር ገባው፤ አንደኛ ይህችን ሴት ማግባት እንዳለበት፣ ሁለተኛ ቀዳዳ ማሳነስ እንዳለበት። ከዚያ ወዲህ እሱ ይከፍታል፣ እሷ ትዘጋለች። ልጆቻቸውን አስተምረው ለወግ ለማዕረግ ያበቁት በዚህ ነው።

እንግዲህ የጆሮ ጭንቀት ምን እንደሆነ በአጭሩ ልናገር፤ ጆሮው አልሰማ ብሎት ነበር።

የመጣው ቀስ በቀስ ነው። መጀመሪያ የልጁ ድምፅ ስልክ ላይ እየራቀ ሄደ፤ ስልኩን ረገመ። ቀጥሎ ሰው ሁሉ የሚያንሾካሹክ መሰለው። አሁን በግራ ጆሮው የሚገባ ድምፅ የለም ማለት ይቻላል። ቀኙ ቀረብ ያለ ሰው ሲናገር ይሰማል፣ ግን ውስጡ ቀንም ሌሊትም የማይቆም እዝዝታ አለ። ዕድሜ ልኩን መዶሻና መሮ ሲጮሁበት የኖረ ጆሮ ነውና አይገርምም። ሐኪም ዘንድ ግን አልሄደም። ሐኪሙ ካወቀ ነርሷ ታውቃለች፣ ነርሷ ካወቀች ሰፈሩ ያውቃል። የማይሰማ ጆሮ ደግሞ ምን ተብሎ ይጠራል? እንደማንኛውም ባለሙያ ቧንቧ ሠራተኛ ብቻ ነው የሚባለው። ይህ ለሌላው ሰው ምንም ላይመስል ይችላል፤ ለእሱ ግን በቁም መሞት ነበር።

ስለዚህ ደበቀ። ቤት ውስጥ ሚስቱ ስትጠራው ሳይሰማ የቀረ እንደሆነ፣ ሰምቶ ጆሮ ዳባ ልበስ ያለ እንዲመስላት ብሎ ኩርፍተኛ ሆነ። ኩርፍተኛ ባል ሞልቷል፣ ለምን ብሎ የሚጠይቅ የለም። እሷም በበኩሏ በስተርጅና ነዝናዛ የሆነችበት መሰለው፤ በተለይ በዕቃ ቦርሳው ነገር። መንገድ በወጡ ቁጥር፣ "ቦርሳውን በግራህ ያዝ፣ ቀኝ ትከሻህ እየተጣመመ ነው" ትለዋለች። ዕድሜውን ሙሉ በቀኙ ነው የተሸከመው፣ ትከሻውም ደህና ነው። አንድ ሳምንት ሙሉ ስትነዘንዘው ጊዜ፣ ለሰላም ብሎ ወደ ግራ አዞረው።

ሥራው ላይ ሁለተኛ ቀዳዳ መብሳት የጀመረውም በዚያው ሰሞን ነው። አንዳንዴ ሦስተኛ። የቤቱ ባለቤት ሲያጉረመርም "ይኼ መፈተሻ ነው" ይላል፣ አፉን ሞልቶ። ሚስቱ ሁሉንም ትደፍናለች፣ ኖራ ትቀባለች፣ ከዚያ ባልዲዋን ገልብጣ ቁጭ ትልና ግድግዳው ሲደርቅ ታየዋለች። ለምን በዛ ብላ አንድም ቀን አልጠየቀችውም። አለማስተዋሏ ትልቅ ዕረፍት ሆነለት።

ያን ጠዋት የጠራቸው አንድ ጡረታ የወጣ የአውቶቡስ ሹፌር ነበር። ፎቅ ላይ ይኖራል፤ ቧንቧው የሚያፈሰው የእሱ ቤት ውስጥ ነው፣ ውሃው የሚወርደው ግን ከሥሩ በሚኖር ልብስ ሰፊ ቤት ነው። "መጀመሪያ ታችኛውን ቤት እዩት" አላቸው ደረጃው ላይ ተቀብሎ፤ ፊቱ አመድ መስሏል።

ልብስ ሰፊው ቀጭን ሰው ነው፣ መለኪያ ሜትሩ አንገቱ ላይ እንደተንጠለጠለ በሩን ከፈተላቸው። ክፍሏ ጠባብ ናት፤ በአንድ በኩል የስፌት መኪና፣ በሌላው በኩል አልጋ። አልጋው ላይ እናቱ ተኝተዋል። ወድቀው የዳሌ አጥንታቸው ተሰብሮ፣ እግራቸው በገመድ ተወጥሯል። ገመዱ ግድግዳ ላይ በተመታ መንጠቆ አልፎ ጫፉ ላይ ክብደት ተንጠልጥሎበታል። አልጋው ንቅንቅ እንዳይል ሐኪሙ አስጠንቅቆ ነው የላካቸው። በትክክል ከእሳቸው በላይ ደግሞ ኮርኒሱ ውሃ ቋጥሮ ሆዱ ወደ ታች ተነፍቷል፤ ከመካከሉም ጠብ፣ ጠብ ይላል። ልጅየው ጠብታው የሚያርፍበት ቦታ ላይ፣ እናቱ ደረት ላይ፣ ሳህን አስቀምጧል።

ጆሮ እጁን ዘርግቶ አንድ ጠብታ ተቀበለ። ይፋጃል።

ሚስቱ ወደ ቀኙ ተጠግታ፣ "መጀመሪያ ከወዲያ፣ ከበሩ በኩል ቀደድ አድርገን ውሃውን ባልዲ ውስጥ ብናወርደው አይሻልም?" አለችው።

ትክክል ነበረች፤ እሱም ያውቃል። ግን ልብስ ሰፊው ዓይን ዓይኑን እያየው ነው፣ ሹፌሩም ከኋላ ቆሟል፤ ሁለቱም ከአንድ ቀዳዳ ሌላ የማይበሳውን ሰውዬ ነው የጠሩት። "ቀድደን ለራሳችን ሁለተኛ ሥራ ልንፈጥር?" አለ። "ላይ አንዲት ቀዳዳ ከፍቼ አሁኑኑ አደርቀዋለሁ።"

አሮጊቷ ከትራሳቸው ቀና ለማለት ሞከሩ። "ጆሮ የሚሉህ አንተ ነህ፣ ልጄ?"

"እኔ ነኝ፣ እማማ።"

"እንግዲያስ አልፈራም። እኔ እዚህ እንደ ዕቃ ታስሬ ተኝቻለሁ፣ አንድ ነገር ከመጣብኝ እጮሃለሁ። ትሰማኛለህ አይደል?"

"ሹክ ቢሉኝም እሰማለሁ" አላቸው። ሳቁለት። እሱም ፈገግ አለ።

ተመልሰው ፎቅ ወጡ። ሹፌሩ ሳሎኑን በገዛ እጁ አረንጓዴ የዘይት ቀለም ቀብቶ ገና ሽታው አልወጣለትም። የሙቅ ውሃው ቧንቧ ከመታጠቢያ ቤቱ ቦይለር ተነስቶ፣ በዚህ ረጅም ግድግዳ ውስጥ ከወለሉ ብዙ ሳይርቅ አልፎ፣ ማእድ ቤት ይገባል። የት የት ጋ እንደሚያልፍ ግን የሚያውቅ የለም፤ የቀበሩት ሰዎች ራሳቸው ተቀብረዋል፣ አለ ሹፌሩ። ቦይለሩ ሥር ያለውን የውሃ መዝጊያ እነሱ ሊደርሱ ሲሉ ዘግቶታል፤ ታች የሚንጠባጠበው ቀድሞ የወረደው ነው።

እዚህ ላይ ነው የሥራው ጠባይ የሚከፋው። የተዘጋ ቧንቧ ድምፅ የለውም። ፍሳሹን በጆሮ ለማግኘት ውሃው መከፈት አለበት፤ ተከፍቶ በቆየ ቁጥር ደግሞ ታች ኮርኒሱ ላይ ይጨመራል። ድሮ ይህ አያስጨንቀውም ነበር፤ ከፍቶ፣ ሰምቶ፣ መልሶ ለመዝጋት ሻይ የመጠጫ ያህል እንኳ አይፈጅበትም።

እንደ ልማዱ ቤቱን ጸጥ አስባለ። ማቀዝቀዣው ከሶኬት ተነቀለ። ሹፌሩ የግድግዳ ሰዓቱን አውርዶ ትራስ ሥር ቀበረው። ልብስ ሰፊው ከታች ወጥቶ በሩ ላይ ቆመ፣ ትንፋሹን ውጦ። ጆሮ መዝጊያውን ከፈተ፣ መጣና ተንበረከከ፣ ካቻቢቴውን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ቀኝ ጆሮውን ለጠፈበት።

እዝዝታ። የራሱ የገዛ ደም ጩኸት፣ ሌላ ምንም የለም። ወደ ግራ ፈቀቅ አለ፤ እዝዝታ። ወደ ቀኝ፤ ያው እዝዝታ። ጀርባውን ላብ አጠመቀው። የሦስቱም ሰዎች ዓይን ማጅራቱ ላይ እንደተተከለ ይሰማዋል፣ ይህን ለመስማት ጆሮ አያስፈልግም። ያረጀ ቧንቧ ብዙ ጊዜ የሚያፈሰው መታጠፊያው ላይ ነው ብሎ ራሱን አሳመነና ጥግ አካባቢ በእርሳስ ክብ ሠራ።

"እዚህ ጋ ነው።"

መዝጊያውን ዘጋ፣ መሮውን ተከለ፣ መታ። አረንጓዴው ቀለም እየተፈነቀለ ወደቀ፣ ልስኑ ወደቀ፣ ቧንቧው ብቅ አለ። ደረቅ ነው። ዙሪያው ያለው አሸዋ እንኳ እንደ ዱቄት ይበናል።

ሹፌሩ የተፈነቀለውን ቀለሙን ከወለሉ አነሳ፤ ቢሳደብ ይሻል ነበር። "ይኼ መፈተሻ ነው" አለ ጆሮ። ድምፁ ለራሱም የሌላ ሰው ድምፅ መሰለው። ሚስቱ ፍርስራሹን በጆንያ ትሰበስብ ነበር። ወደ እሱ አላየችም፤ ግድግዳውን ከዳር እስከ ዳር እያየች ነው። ከዚያ ባልዲዋን ሳበች፣ ኖራዋን ውሃ ውስጥ ጨመረችና ታማስለው ጀመር። ገና ሳይጠገን ምን አስቸኮላት ብሎ በልቡ ተናደደባት።

ለሁለተኛ ጊዜ መዝጊያውን ከፈተ።

አሁን ሁሉም ነገር ከበደ። ካቻቢቴውን ማእድ ቤቱ በኩል አስደገፈ፣ ዓይኑን ጨፈነ፣ ትንፋሹን ያዘ። አንድ ነገር የሰማ መሰለው። ቀጭን ፉጨት፣ በጣም ሩቅ። ልቡ ዘለለ። በደንብ ልስማው ብሎ ተጠጋ፣ ጠቋሚ ጣቱን ወደ ላይ አነሳ፤ ዝም በሉ፣ አገኘሁት ማለቱ ነው። ጣቱን እንዳነሳ ቆየ። ፉጨቱ ቀጠለ። ጣቱን አወዛወዘ፣ ዝም በሉ።

ትከሻውን የሚንጥ እጅ ነው ዓይኑን ያስገለጠው። ሹፌሩ ከላዩ ቆሟል፣ አፉ ይከፈታል ይዘጋል። ልብስ ሰፊው በሩ ላይ የለም። ሚስቱ መስኮቱን ከፍታ ወደ ታች ትጮሃለች።

"ምንድነው?" አለ።

ሹፌሩ ጎንበስ ብሎ ፊቱ ላይ ጮኸበት። "አልሰማህም እንዴ? እየጠሩህ ነው እኮ!"

"እነማን?"

ሹፌሩ ትክ ብሎ አየው። ያ አስተያየት ዕድሜ ልኩን አይለቀውም። ከዚያ በጣቱ ወደ ወለሉ አመለከተ። አሮጊቷ ከታች፣ የሞት ሞታቸውን፣ ውሃው መጣብኝ እያሉ፣ ጆሮ፣ ጆሮ እያሉ ይጣሩ ነበር። ቤቱ ውስጥ ከእሱ በቀር ያልሰማቸው አልነበረም።

ወደ መዝጊያው ሮጠ። ያዘው፣ አዞረው። እጀታው በቀላሉ ዞረ፤ በጣም በቀላሉ። እንደገና አዞረው። ባዶውን ይሽከረከራል። ያረጀው ጥርሱ ለሁለተኛ ጊዜ ሲከፈት ተበልቶ አልቋል፣ ውሃው አይዘጋም። ጣሪያ ላይ ያለው ታንከር ሌላ መዝጊያ አለው፣ የጣሪያው በር ግን ቁልፍ ነው፣ ቁልፉ ደግሞ የሕንፃው ጠባቂ ኪስ ውስጥ ነው፣ ጠባቂው የት እንደሄደ አይታወቅም። ሹፌሩ ይህን እንደተረዳ ደረጃውን በዕድሜው የማይጠበቅ ሩጫ ወረደው።

እጁ ግን ሙያውን አልረሳም። ቦይለሩን ከኤሌክትሪክ ነቀለ። የመታጠቢያውን፣ የማእድ ቤቱን፣ የገንዳውን፣ ሙቅ ውሃ የሚወጣበትን ሁሉ ለቀቀ፣ ግፊቱ እንዲቀንስ። እንፋሎቱ ቤቱን ሞላው። ይህ ጊዜ ይሰጠዋል እንጂ ውሃውን አያቆመውም። መዶሻውን አንስቶ ያ ረጅም አረንጓዴ ግድግዳ ፊት ቆመ። ከዚህ ዳር እስከዚያ ዳር ይፈልፍለው? እስኪደርስበት አሮጊቷ ላይ ጣሪያ ይወርዳል። በግምት ይምታ? ገምቶ ነው እዚህ የደረሰው። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠው ደስ ባለው ነበር።

ሚስቱ ከመስኮቱ ዞረች።

"አልሰማም" አላት። "ጆሮዬ አይሰማም። የት ጋ እንደሆነ አላውቅም።"

ብሩሿን ባልዲው ውስጥ ነክራ ነበር። "አውቃለሁ" አለችው በቀኝ ጆሮው በኩል፣ ቃሉን አንድ በአንድ እየረገጠች። "ዘወር በል።"

ግድግዳውን ከታችኛው ጠርዝ እስከ ወገቧ ድረስ በቀጭን ኖራ ትለቀልቀው ገባች፤ ከመታጠቢያ ቤቱ በር እስከ ማእድ ቤቱ፣ ሳትጨነቅ ሳታሳምር፣ እየተጣደፈች። ኖራ እርጥብ ሳለ ውሃ ይመስላል፤ አረንጓዴው ቀለም ከሥሩ ቁልጭ ብሎ ይታያል። ጆሮ አብዳለች ብሎ አሰበ። ጨርሳ አንድ እርምጃ ወደኋላ አለች፣ ብሩሿን እንደያዘች ቆመች፣ ዓይኗን ከግድግዳው ሳትነቅል።

"ምን እየጠበቅሽ ነው?"

"ሲደርቅ ነጭ ይሆናል" አለችው። "የሚሞቀው ቦታ ቀድሞ ይደርቃል። ዝም ብለህ እይ።"

አየ። ምንም የለም። ከእግሩ ሥር የወለሉ ንዝረት ይሰማዋል፤ ታች ሰው እየሮጠ ነው፣ ዕቃ እየተጎተተ ነው፣ ወይም ሌላ ነገር፣ የከፋ ነገር። ምን እንደሆነ መስማት አይችልም። ሚስቱን መጠየቅ ፈራ። እሷ ትሰማለች፣ መንጋጋዋ ሲጠብቅ ያያል። እንዲህ ያለ ፍርሃት ከዚያ በፊት ተሰምቶት አያውቅም፤ ሌላ ሰው በእሱ ጥፋት እየጮኸ እሱ ጸጥታ ውስጥ መቆሙ።

ከዚያ ከመታጠቢያ ቤቱ በኩል አንድ ቀጭን ነጭ መስመር ብቅ አለ። እንደ ክር። ቧንቧው ነው፤ በግድግዳው ውስጥ የሚሄድበት መንገድ በዓይን እየታየ፣ ቀስ እያለ፣ ወደ እነሱ መጣ። እሱ የበሳው ጥግ ጋ ሲደርስ ቀጥ ብሎ አለፈው። የሶፋውን ጀርባ ተሻገረ። የማብሪያ ማጥፊያው ሥር ሲደርስ ክሩ ሰፋ፣ የመዳፍ ያህል ሆነ፣ ከዚያ የሳህን ያህል ሆኖ ነጣ።

"እዚያ" አለች።

"እርግጠኛ ነሽ?"

"አንተ በበሳህ ቁጥር ስንቱን ግድግዳ ቁጭ ብዬ ሲደርቅ አየሁ? ምታ!"

መታ። ሁለቴ፣ ሦስቴ። በአራተኛው ልስኑ በአንድ ጊዜ ተገነደሰና ሙቅ ውሃ እየፎጨ ደረቱ ላይ ተረጨ። ዓይኑን ጨፍኖ በእጁ ዳበሰው፤ ዝገት የበላት የምስር ፍሬ የምታህል ቀዳዳ። ጎማውን ጠቀለለበት፣ የብረት ማሰሪያውን አጠለቀ፣ ጣቶቹ እየተቃጠሉ ብሎኑን አጠበቀ። ሚስቱ እርጥብ ጆንያ እጁ ላይ ጣል ታደርግለታለች፣ ሲሞቅ ታነሳለች፣ መልሳ ትጥላለች። ውሃው ቀጠነ፣ ተንጠባጠበ፣ ቆመ። ሹፌሩ የጣሪያውን ቁልፍ ይዞ እያለከለከ ሲገባ፣ ሁለቱም ውሃ ውስጥ ተቀምጠው አገኛቸው።

ታች የወረደው ብቻውን ነው። ሚስቱ ልከተልህ ስትለው በእጁ ከለከላት።

ልብስ ሰፊው፣ እሷ ከመስኮት እንደነገረችው፣ ከበሩ በኩል ኮርኒሱን ቀድዶ አብዛኛውን ውሃ ባልዲ ውስጥ አውርዷል። መካከሉ ግን አልጠበቀውም። የአልጋው ግርጌ ላይ አንድ ትልቅ ቁራጭ ወድቋል፣ አንሶላው ጭቃ ሆኗል። ልጅየው ትልቁን የልብስ ማጠቢያ ገንዳ እናቱ ላይ ይዞ በመቆሙ ነው የተረፉት፤ ገንዳው ሲሞላ ግን ጠርዙን አልፎ በሁለቱ ክንዶቹ ላይ ፈስሷል። አሁን የስፌት መኪናው ወንበር ላይ ቁጭ ብሎ ክንዶቹን ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ነክሯል። እስከ ክርኑ ቀልተዋል። ጆሮ ሲገባ ቀና ብሎ አየውና መልሶ ጎንበስ አለ። የሰፊ እጅ መሆኑን ጆሮ አሰበ።

አሮጊቷ ገመዱ እንዳይወዛወዝ አጥብቀው ይዘውታል፣ እስካሁን አልለቀቁትም።

"ልጄ፣ ጠራሁህ እኮ" አሉት። ቁጣ አልነበረበትም፤ ግራ የተጋባ ሰው አነጋገር ነበር፣ እሱም ነው የባሰው። "ስምህን ነው የጠራሁት። ሹክ ቢሉኝም እሰማለሁ ብለኸኝ።"

ብዙ የሚባል ነገር ነበር። ውሃው ይጮህ ነበር፣ ወለሉ ወፍራም ነው፣ መዝጊያው ነው የከዳኝ። ሁሉም ምላሱ ጫፍ ላይ መጣ። ሹፌሩም በሩ ላይ ደርሷል፣ ነገ ሰፈሩ ሁሉ የሚሰማውን እየሰማ ነው።

"አልሰማሁም፣ እማማ" አለ። "ጆሮዬ ከደከመ ቆይቷል። ዋሽቼዎት ነው። ኮርኒሱንም መጀመሪያ እንቅደደው ተብዬ እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ።" ወደ ልብስ ሰፊው ዞረ። "ክንድህ የተቃጠለው በእኔ ነው።"

ልብስ ሰፊው ክንዶቹን ወደ ውሃው ጠለቅ አደረገ። ጆሮ ይቅር በለኝ ለማለት ቃሉ አፉ ውስጥ ነበር፣ ግን ያን ሰዓት ይቅርታ መጠየቅ ሌላ ነገር መለመን መሰለውና ዋጠው።

"ታዲያ ቦታውን ማን አገኘው?" አሉ አሮጊቷ።

"ሚስቴ።"

"እንግዲያስ እሷን ጥራልኝ" አሉት፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው መለስ አድርገው።

ሚስቱን ጠራላቸው። ምን እንዳሏት አልጠየቀም። ልብስ ሰፊውን ሐኪም ቤት የወሰደው ሹፌሩ ነው፤ ጆሮና ሚስቱ አሮጊቷን እየጠበቁ ቆዩ፣ እሱ የቀረውን ኮርኒስ አውርዶ ጠረገ፣ እሷ አንሶላ ቀየረች። ልጅየው ክንዶቹ በነጭ ጨርቅ ተጠቅልለው ሲመለስ ከሰዓት ሆኗል። ሐኪሙ ይድናል ብሎታል፤ እስኪድን ግን መርፌ አይዝም። ፎቅ ላይ መዝጊያው በአዲስ ተተካ፣ ቧንቧው በደንብ ታሰረ፣ እትዬ ኖራ ሁለቱንም ቀዳዳ ደፈነች።

ሲወጡ ጆሮ ሐሳቡ ሌላ ቦታ ነበር። ቦርሳውን አንስቶ፣ እጁ እንደ ድሮው ልማድ፣ ቀኝ ትከሻው ላይ ጣለው። በግራው በኩል የምትሄደው ሚስቱ አንድ ነገር ስትናገር አፏን አየ እንጂ ቃሉን አልያዘውም። መንገዱ መካከል ቆመ።

"ምን አልሽ?"

ዞራ ፊቱ መጣች። "ቦርሳውን በግራህ ያዝ ነው ያልኩህ። ትከሻህ ይጣመማል።"

"ትከሻዬ ደህና ነው" ሊላት አፉን ከፈተ፣ ከዚያ ዘጋው። በቀኙ በኩል ቦርሳው ነው ያለው። ቦርሳው በቀኙ ሲሆን እሷ በቀኙ መሄድ አትችልም። ያን ሰሞን የተጀመረው ነዝናዛነት፣ አንድ ሳምንት ሙሉ የቆየው ጭቅጭቅ፣ ለሰላም ብሎ የተሸነፈበት፣ ሁሉም አንድ በአንድ መጣበት። ከዚያ ወዲህ በመንገድ፣ በሰው ቤት፣ በልጃቸው ቤት፣ ሁልጊዜ ከቀኙ ነበረች። እሱ የደበቃት የመሰለውን እሷ ደብቃለት ስትሄድ ኖራለች። ሆዱ ባባ፤ በዚያው አፍታ ደግሞ አፈረ።

"መቼ ነው ያወቅሽው?"

"ሁለት ቀዳዳ የደፈንኩ ዕለት።"

"ለምን ዝም አልሽ ታዲያ?"

ኖራ የደረቀበትን ጣቷን በሌላው ጣቷ እየፈተገች ቆየች። "አንተ እስክትነግረኝ ነበር የጠበቅሁት። ክብርህን የጠበቅሁ መስሎኝ ነው። ዛሬ ያ ልጅ ክንዱን ነክሮ ሲያየኝ ግን፣ የእኔም ዝምታ እንዳለበት ገባኝ።" እንባዋን በክንዷ ጠረገች፣ ጉንጯ ላይ ነጭ ጭረት ቀረ። "ነገ አብረን እንመለሳለን። ስፌቱን ባልችልበትም ለእናቱ አበስላለሁ። አንተም ክንዱ እስኪድን አልጋው አጠገብ ሰው እንዳይጠፋ ትቀመጣለህ።"

"ካስገባኝ" አለ።

"ባያስገባህ በሩ ላይ ትቀመጣለህ።"

ቦርሳውን ከቀኝ ትከሻው አውርዶ ወደ ግራ አዞረው። እሷ በፊቱ አልፋ ወደ ቀኙ መጣች፣ መንገዳቸውንም ቀጠሉ። ስለ ነገ፣ ስለ ሐኪሙ፣ ስለ ብዙ ነገር ድምፅዋን ሳታነሳ ታወራው ነበር፣ ሲያመልጠውም ለመጀመሪያ ጊዜ "ድገሚልኝ" አላት።